24 ዓመት የተጠበቀ መጽሐፍ፤ የአሜሪካዊቱ ደራሲ የማሪሊን ሮቢንሰን ሕይወትና ሥራ

በመጻሕፍት ዓለም አንድ ደራሲ የመጀመሪያ ልብ ወለዱ ሲመሰገንለት ሁለተኛውን ቶሎ አድርሶ ስሙን ማጽናት የተለመደ ነገር ነው። አሳታሚው ይጠብቃል፤ አንባቢው ይጠይቃል፤ ደራሲውም እንዳይረሳ ይሠጋል። አሜሪካዊቱ ደራሲ ወይዘሮ ማሪሊን ሮቢንሰን ግን የመጀመሪያ ልብ ወለዳቸውን በ1980 አሳትመው ታላቅ ምስጋና ካገኙ በኋላ ሁለተኛውን ያወጡት በ2004 ነው። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።) በመካከሉ ያለፈው ጊዜ 24 ዓመት ነው፤ ይኸውም በዚያን ጊዜ የተወለደ ሕፃን አድጎ፥ ተምሮ፥ ጐጆ ለመውጣት የሚበቃበት ዘመን ማለት ነው። ይህ ሁለተኛው መጽሐፍ ለመሞት የተቃረቡ አንድ ሽማግሌ ሰባኪ ለትንሽ ልጃቸው የጻፉት ረጅም ደብዳቤ ነው። አባት ለልጁ ምን ትቶለት ያልፋል የሚለው ጥያቄ የየቤቱ ጥያቄ ስለ ሆነ፥ የደራሲዋን ታሪክ ከሥራቸው ጋር አያይዘን ለአንባቢዎቻችን ማቅረብ ወደድን።

ወይዘሮ ማሪሊን የተወለዱት በኅዳር ወር 1943 በሰሜን ምዕራብ አሜሪካ በአይዳሆ ግዛት፥ ሳንድፖይንት በምትባል ትንሽ ከተማ ነው። የአባታቸው ቤተ ሰብ ስም ሰመርስ ነው፤ ሮቢንሰን ከጋብቻ በኋላ የያዙት ስም ነው። አባታቸው የሚሠሩት በእንጨትና በጣውላ ሥራ ስለ ነበረ፥ ቤተ ሰቡ በዚያው አካባቢ ከከተማ ወደ ከተማ ይዛወር ነበር። አገሩ ተራራ፥ ጥቅጥቅ ያለ ደንና ጥልቅ ሐይቅ የሞላበት ነው፤ በሳንድፖይንት አጠገብም ረጅም የባቡር ድልድይ የተዘረጋበት ታላቅ ሐይቅ አለ። ይህን ድልድይና ይህን ሐይቅ አንባቢ በልቡ ይያዝልን፤ ወደ ኋላ እንመለስበታለንና።

ዴቪድ የሚባል ታላቅ ወንድም ነበራቸው። ይህ ወንድማቸው ገና ልጆች ሳሉ የሁለቱን የወደፊት ሥራ አከፋፍሎ፥ እሱ ሠዓሊ እንደሚሆን፥ እሳቸው ግን ገጣሚ እንደሚሆኑ ነግሯቸው ነበር። ትንቢቱ ሙሉ በሙሉ ባይደርስም ከመንገዱ አልራቀም፤ ወንድምዬው የሥነ ጥበብ ታሪክ ሊቅ ሆነው በቨርጂንያ ዩኒቨርሲቲ አስተማሪ ሆኑ፤ እኅትዬዋም በስድ ንባብ የሚጽፉ ባለቅኔ ሆኑ ቢባል ያስኬዳል። ታላላቆች በታናናሾቻቸው ጆሮ የሚጥሉት ቃል ምን ያህል ሥር እንደሚሰድድ ወላጆች ልብ ይሏል።

ማሪሊን በብራውን ዩኒቨርሲቲ ሥር በነበረው ፔምብሮክ በተባለው የሴቶች ኮሌጅ ተምረው በ1966 ተመረቁ። በዚያም ጆን ሆክስ ከሚባለው የልብ ወለድ ደራሲ ዘንድ ድርሰት ተማሩ። ከዚያ በዋሽንግተን ዩኒቨርሲቲ በእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ የዶክተርነት ማዕርግ በ1977 አገኙ፤ የመመረቂያ ጽሑፋቸውም ስለ ሼክስፒር «ሄንሪ ስድስተኛ» ሁለተኛ ክፍል ነበር። እንግዲህ የመጀመሪያው ልብ ወለድ የተፀነሰው በዚሁ ጊዜ ነው። ሌት ተቀን የሌላ ሰው ድርሰት ሲመረምሩ የራሳቸው ቋንቋ እንዳይደርቅባቸው፥ በየጊዜው አንዳንድ ረጅም ምሳሌያዊ አነጋገር በቁራጭ ወረቀት እየጻፉ በመሳቢያ ያስቀምጡ ነበር። ታሪክ የለውም፤ ባለ ታሪክም የለውም፤ የንጽጽር ልምምድ ብቻ ነበር። የመመረቂያው ሥራ ካለቀ በኋላ ወረቀቶቹን አውጥተው በአንድነት ቢያነብቧቸው፥ ሁሉም ሳይታወቃቸው ስለ አንድ አገር፥ ስለ አንድ ሐይቅና ስለ አንድ ኀዘን የሚናገሩ ሆነው አገኟቸው።

የዚህ ልምምድ ፍሬ በ1980 የታተመው «የቤት አያያዝ» የተባለው መጽሐፍ ነው። ታሪኩ በተራራ መካከል፥ ፊንገርቦን በምትባል ልብ ወለድ ከተማ የሚፈጸም ሲሆን፥ የሚተረከው ሩት በምትባል ልጃገረድ አንደበት ነው። አያቷ የባቡር ሠራተኛ ነበሩ፤ አንድ ሌሊት የተሳፈሩበት ባቡር ከድልድዩ ላይ ተንሸራትቶ ሐይቅ ውስጥ ሰጠመ። ከብዙ ዓመት በኋላ የሩት እናት ሁለቱን ሴቶች ልጆቿን፥ ሩትንና ሉሲልን፥ በአያታቸው በረንዳ ላይ አስቀምጣ ሄደችና በመኪና እንደ ተቀመጠች በዚያው ሐይቅ ገብታ ጠፋች። አያታቸው አሳደጓቸው፤ አያትም ሞቱ። ሁለት ያላገቡ አሮጊት ዘመዶች መጥተው ጥቂት ጊዜ ቢሞክሩም ልጆችን ማሳደግ አልቻሉበትም። በመጨረሻ የእናታቸው እኅት ሲልቪ መጣች። ሲልቪ በጭነት ባቡር እየተንጠላጠለች ካገር አገር የምትዞር፥ ቤት የሌላት ሴት ነበረች። ልጆቹን ትወዳለች፤ ነገር ግን በጨለማ ትቀመጣለች፤ አሮጌ ጋዜጣና ባዶ ቈርቈሮ እየሰበሰበች ሳሎኑን ትሞላለች፤ ቅጠሉም በየማእዘኑ ይከማቻል።

እዚህ ላይ ሁለቱ እኅትማማች ተለያዩ። ሉሲል እንደ ሰው ሁሉ ለመኖር ፈልጋ ቤቱን ለቅቃ ወደ አስተማሪዋ ቤት ገባች፤ ሩት ከአክስቷ ጋር ቀረች። የከተማው ሹማምንት ልጅቱን ሊወስዷት በተነሡ ጊዜ አክስትና የእኅት ልጅ ቤታቸውን አቃጥለው፥ ያን ረጅም ድልድይ በሌሊት በእግራቸው ተሻግረው ጠፉ፤ የከተማውም ሰው ሰጥመው ሞቱ ብሎ አመነ። መጽሐፉ ከባድ ኀዘን ያለበት ስለ ሆነ ለትንንሽ ልጆች አይሰጥም። ለጐልማሳ አንባቢ ግን ትልቅ ነገር ያነሣል፤ ይኸውም በሥርዐት የተጠረገ ቤት ፍቅር ሊጐድለው፥ ፍቅር ያለበትም ቤት ሥርዐት አጥቶ ሊፈርስ እንደሚችል ነው። ደራሲዋ ለአንዱ አይፈርዱም፤ ለሌላውም አይፈርዱም። እኔ እንደ አስተማሪነቴ ልቤ ወደ ሉሲል ያዘነብላል፤ መጽሐፉ ግን ሩትን እንድወድ አስገደደኝ።

ወይዘሮ ማሪሊን ይህን መጽሐፍ ማንም ያትመዋል ብለው አላሰቡም ነበር። ደራሲ የሆነ ወዳጃቸው ተቀብሎ ለራሱ ወኪል አሳየውና በዚያ በኩል ወደ አሳታሚ ደረሰ። ለመጀመሪያ ልብ ወለድ የሚሰጠውን በሄሚንግዌይ ስም የተሰየመውን ሽልማት አገኘ፤ ለፑሊትዘር ሽልማትም ታጨ፤ በ1987 ስኮትላንዳዊው ቢል ፎርሳይት ፊልም አደረገው።

ከዚያ በኋላ ዝምታው መጣ። ዝምታ ስንል ግን እጃቸውን አጣጥፈው ተቀመጡ ማለት አይደለም። ሁለት ወንዶች ልጆች ነበሯቸው፤ ያሳድጉ ነበር፤ ያስተምሩም ነበር። በእንግሊዝ አገር በተቀመጡበት ጊዜ ሴላፊልድ የተባለው የአቶም ፋብሪካ መርዘኛ ዝቃጩን ወደ አይሪሽ ባሕር የሚያፈስስ መሆኑን በጋዜጣ አነበቡ። ነገሩ ከመገረም አልፎ አስቈጣቸው። የአገሩ ሰው እንደ ተራ ወሬ አንብቦ ማለፉ ደግሞ ይበልጥ አስቈጣቸው። ስለዚህ ምርምር አድርገው በ1989 «እናት አገር» የተባለ መጽሐፍ አወጡ፤ መጽሐፉ የእንግሊዝን መንግሥት ብቻ ሳይሆን የአካባቢ ጥበቃ ድርጅቶችንም የሚወቅስ ነበር። ግሪንፒስ የተባለው ማኅበር በእንግሊዝ አገር በስም ማጥፋት ከሰሰ፤ ደራሲዋ የጻፉትን አላነሣም ስላሉ መጽሐፉ በዚያ አገር እንዳይሸጥ ተደረገ። እነሆ፥ በልብ ወለድ የከበሩት ሴት፥ አንድ መጽሐፍ ብቻ እንድጽፍ ቢፈቀድልኝ የምመርጠው ይህን ነበር ብለው የተናገሩት ስለዚሁ ስለ ተከለከለው መጽሐፍ ነው።

ይህ ነገር ሌላም ፍሬ አፈራ። የተማርሁት ሁሉ ከሁለተኛ እጅ ነው፤ ሰዎች ስለ ታላላቅ መጻሕፍት የሚናገሩትን እንጂ መጻሕፍቱን ራሳቸውን አላውቅም ብለው፥ ዶክተር ከሆኑ በኋላ እንደ አዲስ ተማሪ ቈጥረው ንባብ ጀመሩ። ማርክስን አነበቡ፤ ዳርዊንን አነበቡ፤ ካልቪንንም አነበቡ። በ1998 ባወጡት «የአዳም ሞት» በተባለው የድርሳን መጽሐፍ፥ ሰዎች ካልቪንን የሚንቁት ሳያነብቡት ነው ብለው ተሟገቱ። የካልቪን ትምህርት ከአባቶቻችን ትምህርት በብዙ ነገር የሚለይ መሆኑ የታወቀ ስለ ሆነ በዚህ ገጽ ክርክር አንከፍትም። ነገር ግን ሰውን ከመንቀፍ በፊት የጻፈውን ማንበብ ይገባል የሚለው ሥርዐት በአብነት ትምህርት ቤትም ሆነ በዘመናዊው ትምህርት ቤት የሚሠራ ነው። ራሳቸው ደራሲዋ ያደጉት በፕሬስቢቴሪያን ወገን ሲሆን፥ በኋላ ወደ ኮንግሪጌሽናሊስት ማኅበር ገቡ፤ ይህም ጳጳስ የሌለው፥ እያንዳንዱ ጉባኤ ራሱን በራሱ የሚያስተዳድርበት የፕሮቴስታንት ክፍል ነው። በአጥቢያቸውም አልፎ አልፎ ስብከት ይሰጡ ነበር።

ከ1991 ጀምሮ በአይዋ ዩኒቨርሲቲ በታወቀው የደራስያን ማሠልጠኛ ማስተማር ያዙ፤ እስከ 2016 ድረስም አስተማሩ። አይዋ በመካከለኛው አሜሪካ ያለ ሜዳማ የበቈሎ አገር ነው። ተራራና ደን ለለመደ ሰው መጀመሪያ ባዶ ሆኖ ይታየዋል። ወይዘሮ ማሪሊን ግን የአገሩን ታሪክ ሲመረምሩ ባዶ የመሰለው ሜዳ የተረሳ ገድል ያለበት ሆኖ አገኙት። ከአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት በፊት ባርነት እንዲጠፋ የሚታገሉ ሰባክያን ከምሥራቅ ወደዚህ መጥተው፥ ትንንሽ ከተሞችን ቈርቍረው፥ ኮሌጆችን አቁመው፥ ከጌቶቻቸው የሚያመልጡ ባሮችን እየደበቁ ያሻግሩ ነበር። በደቡብ ምዕራብ አይዋ ያለችው ታቦር የተባለች መንደር ከነዚህ አንዷ ናት፤ ሰባኪው ጆን ቶድ በቤታቸው ለጆን ብራውን የጦር መሣሪያ ደብቀውለት ነበር። ጆን ብራውንም በ1859 የመንግሥትን የመሣሪያ ግምጃ ቤት ወግቶ የተሰቀለው ሰው ነው።

አሁን ወደ ሁለተኛው ልብ ወለድ ደረስን። አንድ ጊዜ በማሳቹሴትስ ባሕር ዳር፥ የገናን በዓል አብረዋቸው ሊያሳልፉ የሚመጡትን ልጆቻቸውን ሲጠብቁ፥ ብቻቸውን በተቀመጡበት ሆቴል ወረቀትና ብርዕ ይዘው ሳለ የአንድ ሽማግሌ ድምፅ መጣላቸው። ሽማግሌው ይጽፋሉ፤ ትንሹ ልጃቸውም በአጠገባቸው ይጫወታል። 24 ዓመት ያልመጣው ነገር በዚህ ተጀመረ። መጽሐፉ «ገለዓድ» ተባለ፤ በነቢዩ ኤርምያስ መጽሐፍ የፈውስ ቅባት ባለበትነቱ የሚጠቀሰው አገር ስም ነው። ልብ ወለዱ ውስጥ ግን ገለዓድ በአይዋ ያለች፥ በታቦር አምሳል የተሣለች፥ ያረጀችና የተረሳች ትንሽ ከተማ ናት።

ዘመኑ 1956 ነው። ቄስ ጆን ኤምስ 76 ዓመት ሞልቷቸዋል፤ ልባቸው ታሟል፤ ብዙም እንደማይቈዩ ሐኪሙ ነግሯቸዋል። በወጣትነታቸው ያገቧት ሚስት በወሊድ ከነሕፃኗ ስለ ሞተችባቸው ረጅም ዘመን ብቻቸውን ኖሩ። በስተርጅናቸው ላይላ የምትባል በዕድሜ ብዙ የምታንሳቸው ሴት አግብተው ወንድ ልጅ ወለዱ፤ ልጁ ገና ሰባት ዓመት አልሞላውም። ገንዘብ የላቸውም፤ የሚያወርሱት ቤት እንኳ የላቸውም። ልጁ አድጎ አባቱ ምን ዓይነት ሰው እንደ ነበሩ እንዲያውቅ ይጽፉለታል። በሰገነቱ ላይ በሣጥን የታጨቀ የ45 ዓመት ስብከት አላቸው፤ ቢቈጥሩት 2,250 ስብከት፥ 67,500 ገጽ ያህል ሆነ። በብዛትስ ከአውግስጢኖስ አላንስም ብለው በራሳቸው ይቀልዳሉ፤ ለልጃቸው ግን ከዚያ ሁሉ ስብከት ይልቅ ይህችን ደብዳቤ መረጡለት።

ደብዳቤው ሥርዐት ይዞ አይሄድም፤ የሽማግሌ ጨዋታ እንደዚያ ነውና። አንዴ ስለ አያታቸው ይተርካሉ፤ አያትዬው በጦርነት አንድ ዓይናቸውን ያጡ፥ ሽጉጥ ታጥቀው የሚሰብኩ፥ ራእይ አየሁ የሚሉ ሰው ነበሩ። የተቸገረ ባዩ ጊዜ ከቤት ያገኙትን ሁሉ አንሥተው ስለሚሰጡ፥ የቤቱ እመቤት ሳንቲሟን በመሐረብ ቋጥራ ትደብቅባቸው ነበር። አባታቸው በተቃራኒው ጦርነትን ሁሉ የሚጠሉ ሰላማዊ ሰባኪ ነበሩ፤ በዚህም አባትና ልጅ ተጣልተው ሽማግሌው ወደ ካንሳስ ሄደው በዚያ ሞቱ። የ12 ዓመቱ ጆን ኤምስና አባቱ በድርቅ ዘመን፥ በረኃብና በውኃ ጥም፥ ያን መቃብር ፍለጋ በእግራቸው ሄዱ። ካገኙትም በኋላ አረሙን ነቅለው፥ የወደቀውን አቃንተው፥ አባት ቆመው ሲጸልዩ፥ ፀሐይ በምዕራብ ስትጠልቅ ሙሉ ጨረቃ በምሥራቅ ስትወጣ ልጁ አየ። አባትና ልጅ በሕይወት ሳሉ ያልታረቁት ዕርቅ በመቃብር ዳር ሲፈለግ ማየት ልብ ይነካል።

ሳቅም አለበት። ኤምስ ልጅ ሳለ ከጓደኞቹ ጋር የድመት ግልገሎችን አጥምቆ ነበር፤ በኋላ ደንግጦ አንድ ሰው ድመት ቢያጠምቅ ምን ይሆናል ብሎ አባቱን ቢጠይቅ፥ አባቱ ምሥጢራት በታላቅ ክብር ሊያዙ ይገባል ብለው ብቻ መለሱለት። ልጁ የፈለገው መልስ ይህ አልነበረም። የካህናት ልጆች በቤታቸው ቅዳሴ እየተጫወቱ ሲቈጡ ያደጉ አንባቢዎቻችን ነገሩን ሳይተረጐም ይረዱታል።

የመጽሐፉ ጭንቅ ያለው ግን ሌላ ዘንድ ነው። የኤምስ የልጅነት ወዳጅ፥ የፕሬስቢቴሪያኑ ሰባኪ ሮበርት ባውተን፥ ጃክ የሚባል ልጅ አላቸው። ባውተን ልጅ ላጣው ወዳጃቸው ማጽናኛ እንዲሆን ብለው የልጁን የጥምቀት ስም ጆን ኤምስ ባውተን ብለው ሰይመውታል። ይህ ልጅ በወጣትነቱ ከአንዲት የድኻ ልጅ ሕፃን ወልዶ ካዳት፤ ሕፃኗም በችግር ውስጥ ሞተች። ከዚያ 20 ዓመት ጠፋ፤ ለእናቱ ቀብር እንኳ አልመጣም። አሁን አባቱ ሊሞቱ ሲሉ ተመልሷል። የጠፋው ልጅ ምሳሌ ነው እንዳንል፥ በወንጌል ያለው አባት ሮጦ ሲያቅፍ፥ እዚህ የክርስትና አባትነት ያላቸው ቄስ ኤምስ ሊያቅፉት አይችሉም። ይፈሩታል፤ እኔ ስሞት ሚስቴንና ልጄን ይቀርባል ብለው ይቀናሉ። 45 ዓመት ይቅርታን የሰበኩ ሰው አንድን ሰው ይቅር ማለት ተሳናቸው። ለልጃቸው በሚጽፉት በዚያው ወረቀት ላይ ይህን ድካማቸውን ሳይሸሽጉ ይጽፋሉ።

በመጨረሻ ጃክ ምሥጢሩን ገለጸላቸው። በሴንት ሉዊስ ከተማ ዴላ የምትባል ጥቁር አሜሪካዊት አስተማሪ፥ የሰባኪ ልጅ፥ እንደ ሚስቱ ናት፤ ወንድ ልጅም ወልዳለታለች። ነገር ግን በሚዙሪ ሕግ ነጭና ጥቁር መጋባት ክልክል ነበር፤ ይህ ሕግ በአሜሪካ ከፍተኛ ፍርድ ቤት የተሻረው በ1967 ነው። በአይዋ እንዲህ ያለው ክልከላ ከ1851 ወዲህ አልነበረም። ስለዚህ የጃክ ጥያቄ አጭር ናት፤ ሚስቴንና ልጄን ይዤ ገለዓድ መኖር እችላለሁን? ባርነትን ለመዋጋት የተቈረቈረች ከተማ ናት፤ ሆኖም የጥቁሮቹ ቤተ ክርስቲያን እሳት ተለቅቆበት ሰዎቹ ከተማዋን ለቅቀው ከሄዱ ብዙ ዘመን ሆኗል። ኤምስም ይህን እንደ ቀላል ነገር አድርገው ሲያስቡት ኖረዋል። ለጥያቄው መልስ አላገኙለትም። ጃክ ተስፋ ቈርጦ ሊሄድ አውቶቡስ ሲጠብቅ፥ ሽማግሌው ተከትለውት እጃቸውን በግንባሩ ላይ ጭነው ባረኩት። የቅስና ትምህርቴና ማዕርጌ ለዚህች አንዲት ደቂቃ ብቻ ሆኖ ቢሆን እንኳ በበቃኝ ብለው ለልጃቸው ጻፉ። በአጠገባቸው በር አንኳኩቶ ሳይከፈትለት የሚሄድ ሰው እንዳለ፥ አንባቢ ከዚህ ገጽ ሳይነሣ ያስታውሰዋል።

«ገለዓድ» በ2005 የፑሊትዘርን ሽልማት አገኘ። ደራሲዋ ግን ከነዚህ ሰዎች ሊለዩ አልቻሉም። በ2008 «ቤት» የተባለውን አወጡ፤ ያንኑ ጊዜ ከባውተን ቤት ውስጥ፥ በጃክ ታናሽ እኅት በግሎሪ ዓይን ያሳያል፤ በእንግሊዝ አገር ለሴቶች ደራስያን የሚሰጠውን የኦሬንጅ ሽልማት በ2009 አስገኘላቸው። በ2014 የወጣው «ላይላ» የሽማግሌውን ሚስት ታሪክ ይነግራል። ለእኔ ከሁሉ የሚበልጠው ይህ ነው። ላይላ በሕፃንነቷ የተጣለች፥ ዶል የምትባል መንገደኛ ሴት ሰርቃ ያዳነቻት፥ ከእርሻ እርሻ እየተንከራተተች ያደገች ልጅ ናት። ከዝናብ ለመጠለል ብላ ቤተ ክርስቲያን ገባችና ከኤምስ ጋር ተዋወቀች። ጽሕፈት ለመለማመድ የሕዝቅኤልን ትንቢት እየገለበጠች ሳለ፥ በምዕራፍ 16 በሜዳ ስለ ተጣለችው ሕፃን ሲነገር የራሷን ታሪክ አገኘች። ሳትጠመቅ ያለፈችው ዶል ወዴት ትሄዳለች የሚል ኀዘን ስለ ያዛት ከጥምቀቷ በኋላ በወንዝ ውኃ ልታጥበው ሞከረች። እንዲህ ያለ ጥያቄ በየቤታችን አሮጊቶች ዘንድ በለሆሳስ የሚነሣ ነው። ደራሲዋ በላይላ አፍ ያለ ሐፍረት ጠየቁት። አራተኛው «ጃክ» በ2020 ወጣ፤ ጃክና ዴላ በሴንት ሉዊስ መካነ መቃብር ውስጥ በር ተዘግቶባቸው ሌሊቱን ሲጨዋወቱ የሚያድሩበት ክፍል ብቻውን መጽሐፉን ያስነብባል፤ የቀረው እንደ ፊተኞቹ አልሆነልኝም።

ባራክ ኦባማ ለፕሬዚዳንትነት ሲወዳደሩ በአይዋ በሚዘዋወሩበት ጊዜ «ገለዓድ»ን አንብበው ኤምስን ወደዱት። በ2013 በዋይት ሀውስ የሰብአዊ ጥናት ሜዳልያ ለወይዘሮ ማሪሊን ሸለሙ። በመስከረም ወር 2015 ደግሞ ያልተለመደ ነገር ሆነ፤ የአገር መሪ ጠያቂ፥ ደራሲ ተጠያቂ ሆነው በዴ ሞይን ከተማ ስለ እምነት፥ ስለ ፍርሃትና ስለ ዲሞክራሲ ተነጋገሩ፤ ንግግራቸውም በኒውዮርክ የመጻሕፍት መጽሔት በሁለት ክፍል ታተመ።

በ2024፥ ዕድሜያቸው 80 ሞልቶ፥ «ኦሪት ዘፍጥረትን ማንበብ» የተባለ መጽሐፍ አወጡ። ልብ ወለድ አይደለም፤ ከፍጥረት እስከ ዮሴፍ ያለውን እንደ አንድ ወጥ ድርሰት ይዘው፥ ቃየል ሳይገደል እንዴት እንደ ታለፈ፥ ኤሳው ያዕቆብን እንዴት እንደ ተቀበለው እያሳዩ የሚሄዱበት ሐተታ ነው። የደረሱበትም ዮሴፍ ለሸጡት ወንድሞቹ ራሱን የገለጸበት፥ አባታቸውም ከሞተ በኋላ ይበቀለናል ብለው ሲፈሩት ያለቀሰበት ስፍራ ነው።